ገጽ መቶ አሥራ ሁለት

ባማኮ፣ እሁድ፣ ማርች 3 1996

ጠዋት እንግዳ መጣ። ሞሪባ ዴምቤሌ፣ ከቶኖዱጉ። የሽማግሌው የቢንኬ ልጅ ነው። ቢንኬ በ1983 ለጥናቴ ከማንም በላይ የነገረኝ ሰው ነበር፤ ከሞተ ስምንት ዓመቱ። ሞሪባ አሁን የግቢው አባወራ ነው፣ ሸብቷል። አንድ ጆንያ የደረቀ የባኒ ወንዝ ዓሣ አምጥቷል። ባለቤቴ ጄኔባ አመስግና ወደ ጓሮ ወሰደችው፤ ቤቱ እስካሁን ይሸታል።

መጽሐፌን ይዟል። ገጽ 112 ላይ ክር አስገብቶበታል። «እዚህ ላይ ፈርምልኝ» አለ። ሰው የሚያስፈርመው መጀመሪያው ገጽ ላይ ነው አልኩት። «እኔ የአባቴ ስም ያለበት ላይ ነው የምፈልገው።» ፈረምኩ። ቀኑን ጻፍኩ። «በእውነተኛ ምስክርነት ለተባበረው ቤት» የሚልም ጨመርኩበት።

የቶኖዱጉ ኢማም በጾሙ መጨረሻ ሞተዋል። ለአረፋ አዲስ ኢማም ይሰየማል፣ ሽማግሌዎቹ እየተነጋገሩ ነው አለ። ማን ታስቧል ብዬ አልጠየቅኩም። ለምሳ አልቆየም፤ አውቶቡስ ያመልጠኛል ብሎ ሄደ።

ደስ ብሎኝ ዋልኩ። መጽሐፉ ከወጣ በስድስት ዓመቱ ከዚያ አገር አንባቢ ሲመጣ የመጀመሪያው ነው።

ማርች 7

አሳታሚው ጻፈ። ሁለተኛ እትም ሊወጣ ነው፤ እርማት ካለ እስከ ኤፕሪል መጨረሻ። «ምዕራፍ ሦስት በየዩኒቨርሲቲው ስለሚሰጥ ባይነካ ይመረጣል» ይላል። የምነካው የለም። ሙቀቱ 41። መቶ ሰማንያ የፈተና ወረቀት።

ማርች 14

በአውቶቡስ ሹፌር እጅ ደብዳቤ ደረሰኝ። ከላሲኔ ኮኔ፣ ከቁርዓን መምህሩ። ሙሉውን እገለብጠዋለሁ።

«ሱማይላ፣ ሰላም ለአንተና ለቤትህ። እኛ ደህና ነን። ያለፈው አርብ ከሶላት በኋላ ገጽ 112 በመስጊዱ በረንዳ ተነበበ። ያስነበበው ሞሪባ ነው። ፊርማህንም እያዞረ አሳየ። የኮኔ ቤት የዴምቤሌ ቤት ባሪያ ነበር ይላል። ከባሪያ ልጅ ኋላ አይሰገድም ተባለ። ኪታቡ እንዲህ እንደማይል ሁላቸውም ያውቃሉ። ኢማምነቱን እኔ አልጠየቅኩም፣ ሰዎች ናቸው የጠየቁኝ። አሁን ግን ነገሩ ሌላ ሆኗል። የእህቴ ልጅ ኒካህ ሊታሰር ሁለት ሳምንት ሲቀረው የወንዱ ቤት ሰዎች ‹እስቲ እንቆይ› አሉ። መጥተህ የምታውቀውን ንገራቸው። ላሲኔ።»

በ1983 አራት ወር ቤቱ ተቀምጫለሁ። ሲጽፍልኝ «ባሪያዬ ሱማይላ» ብሎ ያልጀመረበት የመጀመሪያ ደብዳቤ ነው።

ፈተና አርሜ መጨረስ አለብኝ። ከዚያ እመልስለታለሁ።

ማርች 15፣ ማታ

ገጹን የሌላ ሰው ጽሑፍ እንደሆነ አድርጌ አነበብኩት። ጥሩ ተጽፏል። የሚያናድደውም ይኸው ነው።

እኛ ትራኦሬዎችና ዴምቤሌዎች ከኮኔዎችና ከዲያራዎች ጋር ሰናንኩያ አለን፣ የቀልድ ዝምድና። ገበያ ላይ የማላውቀውን ኮኔ ሳገኝ «ባሪያዬ፣ ባቄላህን በልተህ ጨረስክ?» እለዋለሁ፤ ባቄላ በላ ማለት የቀልዱ ስድብ ነው። እሱም «የገዛሁህን ቀን ረሳኸው?» ይለኛል። ቀልዱን የማይመልስ ሰው ነው እንደ ባለጌ የሚቆጠረው። ቀብር ላይ ሳይቀር ይቀለዳል። ይህን ለማወቅ ዩኒቨርሲቲ መግባት አላስፈለገኝም።

ታዲያ እንዴት ጻፍኩት? መልሱ አለኝ፣ በግርጌ ማስታወሻ 47 ላይም አለ። ቢንኬ የኮኔን ቤት አያቱ እንደገዛ ነገረኝ። ይህ ብቻ ቢሆን ቀልድ ነው ብዬ እተወው ነበር። ግን የ1904 የአውራጃ መዝገብ አለ። ፈረንሳዮቹ በየመንደሩ ማን የማን ባሪያ እንደሆነ ሲያስቆጥሩ የቶኖዱጉን የኮኔ ቤት በዴምቤሌ ቤት ሥር አስገብተውታል። አንዱ ከአፍ፣ ሌላው ከወረቀት፤ በመካከላቸው ሰማንያ ዓመት። ሁለት የማይተዋወቁ ምንጮች አንድ ነገር ካሉ ይታመናሉ። ተማሪዎቼን የማስተምረው ይህንኑ ነው።

ስለዚህ አልተሳሳትኩም ማለት ነው። ሞሪባ የተጠቀመበት መንገድ የእኔ ጥፋት አይደለም።

ለላሲኔ ይህን እጽፍለታለሁ።

ማርች 17

አልጻፍኩም።

ምሳ ላይ ለጄኔባ ነገርኳት። ያኔ ካሴቶቹን እየሰማች በታይፕ የገለበጠችው እሷ ናት። ሩዙን እያወጣች ሳታየኝ፣ «ሳቁንስ?» አለች።

«የምን ሳቅ?»

«ሽማግሌው ይስቅ ነበር። በቅንፍ ‹ሳቅ› ብዬ ልጻፍ ወይ ስልህ፣ ሳቅ መረጃ አይደለም አልከኝ።»

«እንዲህ አላልኩም።»

«እሺ፣ አላልክም። ብላ፣ ሳይቀዘቅዝ።»

በአርባ አንድ ሙቀት ምን ይቀዘቅዛል?

ማርች 22

ካሴት ቁጥር 14። ሳጥኑን ፍለጋ ሁለት ቀን ሄደ። ቴፑ ስለተበላሸ ከጎረቤት ተበደርኩ።

ድምፄ ቀጭን ነው። ሠላሳ ስድስት ዓመቴ ነበር። «ኮኔዎቹስ እዚህ እንዴት መጡ?» እላለሁ።

ቢንኬ፦ «በእግራቸው ነዋ! አያቴ ገዝቷቸው፣ በገመድ እየጎተተ። ሁለት አሞሌ ጨው ነው የከፈለባቸው። ተሞኝቷል፣ አንዱም ይበዛባቸው ነበር።»

ከዚያ ሳቅ። ከማይክሮፎኑ ራቅ ብሎ ደግሞ ሌላ ሰው፦ «አይ ውሸታም! አያትህ ጨው የት አይቶ ያውቃል? አፈር ነበር የሚልሰው!»

ይህ የላሲኔ አባት ነው። ኦቾሎኒ እየፈለፈለ አብሮን ተቀምጦ ነበር። ገዛናቸው የተባለው ሰው እዚያው ሆኖ ይሰድበዋል፤ እኔ ደግሞ የ«ባሪያውን» መልስ ትቼ የ«ጌታውን» ቃል ብቻ ምስክርነት ብዬ ጻፍኩ። ሁለቱን አሞሌ ሠንጠረዥ 4 ውስጥ አስገብቻቸዋለሁ፤ የባሪያ ዋጋ፣ የባኒ ሸለቆ።

ሁለተኛ ሳቅ አለ። ሦስት ጊዜ መልሼ ሰማሁት። የእኔ ነው።

ማርች 26

ቤተ መዛግብት ዋልኩ። የ1904ቱ መዝገብ ምስጥ ጠርዙን በልቶታል እንጂ ይነበባል። የቶኖዱጉ ገጽ የፈረንሳዊው አዛዥ፣ የኮማንዳኑ እጅ ጽሕፈት ነው። «ኮኔ፣ አሥራ ዘጠኝ ነፍስ፣ የዴምቤሌ ምርኮኞች፣ በጨው የተገዙ።»

በጨው።

ከገጹ ግርጌ፦ «በአስተርጓሚው ንቺ ዴምቤሌ ቃል።»

ማየት አያስቸግርም። ፈረንሳዊው ወንበር ላይ ተቀምጧል፣ አስተርጓሚው ከጎኑ ቆሟል። የኮኔ ሰዎች ሲቀርቡ «እነዚህስ የማን ናቸው?» ይላል። ንቺ «የኔ ባሪያዎች ናቸው፣ በጨው ነው የገዛናቸው» ይላል። ሁሉም ይስቃል። ኮማንዳኑ ለምን እንደሚስቁ አልገባውም፤ ጻፈ። ቢንኬ ከሰማንያ ዓመት በኋላ ያንኑ የቤታቸውን ቀልድ ደገመው። እኔ ቀልዱን በቀልዱ አረጋገጥኩ።

ማታ የ1981 ካርዶቼን አወጣሁ። የዚህን መዝገብ ካርድ አገኘሁት። የአስተርጓሚው ስም በእኔ እጅ ተጽፏል። ከሥሩ ሁለት ጊዜ ተሰምሮበታል።

ያኔ ለምን እንዳሰመርኩበት አላስታውስም።

ማርች 27

መምህራን ክፍል። ባሩ ዲያራ ከበር ጀምሮ እየጮኸ መጣ። «ባሪያ! መጽሐፍህ ይሸጣል ሲሉ ሰማሁ። ሰውም መሸጥ ጀመርክ እንዴ?» ሁሉም ሳቀ። ወሬው እዚህም ደርሷል። «ያንተን ቤት ገና ዋጋ አላወጣሁለትም» አልኩት። መልሱ ከአፌ እንደወጣ አስጠላኝ። ባሩ ግን ደስ አለው፣ ሻይ ጋበዘኝ።

ኤፕሪል 4

የምስክርነት ወረቀት አዘጋጀሁ፣ አንድ ገጽ፣ በታይፕ። «ገጽ 112 ስህተት ነው። ሁለቱም ምንጮች የሰናንኩያ ቀልድ ናቸው። የኮኔ ቤት ባሪያ ሆኖ አያውቅም፤ ጨዋ ነው።» ፊርማ፣ ማዕረግ፣ የዩኒቨርሲቲው ማኅተም። ማኅተሙን ለማስመታት ለጸሐፊዋ ምክንያት መፍጠር ነበረብኝ።

አሳታሚው ደወለ። እርማት የለም አይደል? እያየሁት ነው አልኩ።

ቶኖዱጉ፣ ሐሙስ፣ ኤፕሪል 11

የአሥር ሰዓት መንገድ። ሰጉ ላይ ጎማ ተነፈሰ። ላሲኔ ጣቢያው ድረስ ወጥቶ ጠበቀኝ። በእድሜ ይበልጠኛል፣ ሻንጣዬን ግን ከእጄ ነጠቀኝ። የቤትህ ሰዎች ደህና ናቸው ወይ ተባባልን፣ ከብቶቹ፣ ዝናቡ።

ከማሽላው ገንፎ በኋላ ወረቀቱን ሰጠሁት። መነጽሩን አድርጎ ሁለት ጊዜ አነበበው።

«ጨዋ መሆናችንን በምን አወቅክ?» አለኝ።

«ካራሞኮ፣ መምህሬ፣ ማስረጃው ቀልድ ሆኖ ተገኘ። ካሴቱን ይዤዋለሁ፣ የአባትህም ድምፅ አለበት።»

«እሱ ገባኝ። ዴምቤሌ አልገዛንም። እሺ። ማንም አልገዛንም የሚለውን ከየት አመጣኸው?»

ካሴቱን ከሻንጣዬ ማውጣት ጀመርኩ።

«ስህተት ሠርተህ ነበር» አለ። «አሁን ሁለተኛውን ልትሠራ ነው፣ በማኅተም።»

«ኢማም እንድትሆን ነው።»

«ከወንዙ ወዲያ ያሉት አርባ አባወራ ባሪያ የነበሩ ናቸው። ሁሉም ሰው ያውቃል፣ እነሱም ያውቃሉ። ልጆቻቸውን ቁርዓን የማስቀራው እኔ ነኝ። አንተ ነገ ተነስተህ ላሲኔ ጨዋ ስለሆነ ያሰግድ ብትል እነሱን ምን አልካቸው? ቁጭ ብላችሁ እዩ ነው ያልካቸው።» ወረቀቱን አጥፎ መለሰልኝ። «የምታውቀውን ንገር አልኩህ እንጂ የሚጠቅመኝን ንገር አላልኩህም።»

«የማውቀው ትንሽ ነው።»

«ትንሹን ንገራ!»

አርብ፣ ኤፕሪል 12

ትኩስ እያለ እጽፈዋለሁ።

ከሶላት በኋላ፣ የመስጊዱ በረንዳ። ሽማግሌዎቹ በግድግዳው ጥግ፣ ሌላው ሰው ደረጃው ላይ። የመንደሩ አለቃ የኮላ ፍሬ አከፋፈሉ። ሞሪባ መጽሐፌን ጉልበቱ ላይ አስቀምጧል፣ በፕላስቲክ ጠቅልሎታል። ሲያየኝ ተነስቶ አቀፈኝ። «ወንድማችን ትራኦሬ መጣ፤ አሁን ነገሩ አለቀ» አለ። ከልቡ ነው።

ቆሜ ተናገርኩ። ካሴቱን አሰማሁ። የቢንኬ ድምፅ ሲወጣ ሞሪባ አንገቱን ደፋ። «ሁለት አሞሌ» ሲል ደረጃው በሳቅ ፈነዳ። ሽማግሌዎቹም ሳቁ፤ አንዱ ኮላው አነቀው። የአፈር መላሱ ስድብ ሲመጣ ሞሪባ ራሱ ሳቀ፣ ወዲያው ግን ፊቱን አጠቆረ። ስለ አስተርጓሚውም ነገርኳቸው። የጻፍኩት ስህተት ነው፣ ጥፋቱም የእኔ ነው፣ የቢንኬ አይደለም አልኩ።

ሞሪባ፦ «ፈርመህልኛል።»

«ፈርሜልሃለሁ። መፈረም አልነበረብኝም።»

«ያኔ ስትፈርም ሰው ነበርክ፤ ዛሬስ ማን ነህ? ወይስ ባሪያህ ጥሩ ገንፎ አበላህ?»

ሳቅ። ካሴቱን ከቴፑ አውጥቼ ባዶ አስገባሁ።

አለቃው እጃቸውን አነሱ። «አቁሙ። ፕሮፌሰር፣ አንድ ነገር ብቻ። ይህ ሰው ጨዋ ነው ወይስ አይደለም?»

ወረቀቱ ኪሴ ውስጥ ነበር። ማኅተሙ በጨርቁ በኩል ይታወቀኛል።

«አላውቅም» አልኩ።

«አላውቅም?»

«አላውቅም፣ አባቴ።»

«ታዲያ ከባማኮ ድረስ ምን ልትነግረን መጣህ?» ይህን ያለው ከደረጃው አንድ ሰው ነው። ማን እንደሆነ አላየሁም።

ከዚያ ላሲኔ ከተቀመጠበት ተናገረ። ድምፁን ከፍ አላደረገም፤ ደረጃው ላይ ያሉት ለመስማት ተጠጉ።

«የአባቴ እናት ተገዝታ የመጣች ናት። ከየት እንደሆነ አታውቅም ነበር፤ የእናቷን ስም ብቻ ታስታውስ ነበር። አያቴ ነፃ አውጥቶ አገባት ይባላል። ነፃ ማውጣቱን ያየ ግን የለም፣ ይባላል ብቻ። ሞሪባ፣ ይህን አባትህ ያውቅ ነበር። ስለሚያውቅ ነበር እሷን ትቶ በሌላው የሚቀልደው። እኔ ይህ ነኝ። ከኋላዬ መስገድ የማይፈልግ ሰው ቤቱ ቢሰግድም ሶላቱ ይደርስለታል።»

ማንም አልሳቀም። ሞሪባ መጽሐፉን በፕላስቲኩ ጠቀለለው፤ መጀመሪያውኑ ተጠቅልሎ ነበር፣ ደግሞ ጠቀለለው። አለቃው ለዛሬ ይበቃል አሉ። ማንም አልተሰየመም።

ቴፑ እግሬ ሥር ነበር፣ ባዶ ካሴት ገብቶበት፣ ባትሪው አዲስ። ሃያ ዓመት የፈለግሁት ዓይነት ቃል ነው፤ ሰው ስለ ራሱ፣ በሕዝብ ፊት፣ ጌታ ሳያስተረጉምለት። አልጫንኩትም። በትሕትና ነው ብዬ ልጽፍ ነበር። እውነቱ ሰዎቹ ያዩኝ ስለነበር ነው።

ወጥተን ስንሄድ ላሲኔ፣ «መዝግበኸዋል?» አለኝ።

«አልመዘገብኩም።»

«እዚህስ?» ግንባሬን በጣቱ ነካ።

«እዚያ አለ።»

«እዚያ ይሁን።»

ባማኮ፣ ኤፕሪል 16

ለአሳታሚው ጻፍኩ። ገጽ 112 ያለበት ምዕራፍ ሦስት ይውጣ። አርባ አንዱም ገጽ፣ ሠንጠረዥ 4ም ጭምር።

ኤፕሪል 18

አሳታሚው ስልክ ላይ ጮኸ። መጽሐፉ የሚፈለገው በዚያ ምዕራፍ ነው፣ የምትተካበት ምን አለህ አለ። የለኝም አልኩ። ታዲያ የምዕራፎቹን ቁጥር እናስተካክል አለ። አታስተካክሉ፣ ከሁለት በኋላ አራት ይምጣ አልኩት። አንባቢ የማተሚያ ቤት ስህተት ይመስለዋል አለ። ይምሰለው።

ከስልኩ በኋላ ጄኔባ፣ «ለፕሮፌሰርነት ያስገባኸው መጽሐፍ ይህ አይደለም ወይ?» አለች። ነው። «እንግዲህ» አለች።

ሁለቱ ምንጮች ወደቁ እንጂ የላሲኔ ቃል ምዕራፉን ያቆመዋል። ጌታው ብቻ ነው የሚለወጠው። ይህን አውቶቡስ ላይ እያለሁ አስቤዋለሁ፣ ከሰጉ እስከ ባማኮ ረቂቁን በጭንቅላቴ ጨርሼዋለሁ። ጥሩ ነበር።

ኤፕሪል 25

የአውቶቡሱ ሹፌር ወሬ ይዞ መጣ። ማክሰኞ የመንደሩ አለቃና የሦስት ሰፈር ሽማግሌዎች ላሲኔ የአረፋን ሶላት ያሰግድ ብለዋል። ቋሚው ኢማምነት አረፋ ካለፈ በኋላ ይታያል ነው የተባለው፤ ሁሉም ግን ነገሩ በዚያ ቀን እንደሚለይ ያውቃል። የዴምቤሌ ግቢ፣ ትልቁ ግቢ፣ አንሰግድም ብሏል። እነሱን ተከትለው የሚቀሩ አራት ግቢዎች አሉ።

እሄዳለሁ አልኩ። ጄኔባ፣ «በአረፋ? በግህን ማን ሊያርድልህ ነው?» አለች። ወንድሜ ያርዳል። «ሄደህስ ምን ልታደርግ?» ልሰግድ። ነጩን ቀሚሴን አውጥታ መተኮስ ጀመረች።

ቶኖዱጉ፣ እሁድ፣ ኤፕሪል 28። አረፋ

ሶላቱ ከመንደሩ ውጭ ሜዳው ላይ ነው፣ ከማንጎ ዛፎቹ ወዲያ። ከወንዙ ማዶ ያሉት በጀልባ ገና ሳይነጋ ነበር የተሻገሩት፤ ልብሳቸው እርጥብ ነበር። የፊተኞቹን ሁለት ረድፎች ባዶ ትተው ከሦስተኛው ጀምረው ተቀመጡ። ለዘመናት የሚቀመጡት እንዲያ ነው። ላሲኔ ዞሮ በእጁ ጠራቸው። አልመጡም። ደግሞ ጠራ። አንድ ሽማግሌ ተነስተው ሄዱ፣ ሌሎቹ ተከተሉ።

ዴምቤሌዎች አልመጡም። አራቱ ግቢዎችም። ላሲኔ ትንሽ ጠበቀ። ፀሐይ ከፍ አለች። አለቃው አጉረመረሙ። ጀመረ።

ረድፎቹን መቁጠር ልማዴ ነው። ሃያ ሁለት። አምና በሟቹ ኢማም ጊዜ ስንት እንደነበር ማንን ልጠይቅ?

ኢማሙ በጉን በሕዝብ ፊት ሳያርድ ማንም ቤቱ አያርድም፤ ቀድሞ ያረደ ሥጋ በላ እንጂ አረፋ አላደረገም ይባላል። ላሲኔ በጉን ያጋደመው ከሜዳው ዳር ነው። ከዚያ ሆኖ የዴምቤሌ ግቢ ጣራ ይታያል። ጣራው ላይ የሞሪባ ምራት ቆማለች። ማሽላ ለማስጣት የወጣች መስላለች፣ እጇ ላይ ወንፊት አለ። ማሽላ ግን አልነበረም።

ላሲኔ ቢላውን ሳበ። በጉ ተንፈራገጠ፣ ዝም አለ።

ሴትዮዋ ወደ ግቢው ዞራ ጎንበስ ብላ ተናገረች። ያለችው አልተሰማኝም፤ ረጅም አልነበረም። ወዲያው ከአጥሩ ውስጥ የበግ ጩኸት ተነሳ፣ ከዚያ የሌላ በግ፣ ከዚያ ከአራቱ ግቢዎች።

ላሲኔ እጁን እየታጠበ ነበር። ውሃ የሚያፈስለት ሰው እንዲያቆም አደረገና አዳመጠ።